ሦስት እሁድ የሚነበብ ስም

ሂልዳ ቲከር ስሟን ከመንደሯ ሰው አፍ ከሰማች አሥራ ሰባት ዓመት አልፏት ነበር። አገሩ ሁሉ «የአይዛክ ልጅ» ይላታል። የወለደቻት እናቷ ዶርካስ እንኳ «አንቺ ልጅ» ብላ ነበር የምትጠራት። ይህን ሳወራ ክፉዎች የነበርን ይመስል ይሆናል። ክፉዎች አልነበርንም፤ ፈሪዎች ነበርን። በባሕር የሚኖር ሰው ደግሞ ፈሪ ካልሆነ ሞኝ ነው።

በእንግሊዝ ባሕር ዳርቻ በምትገኘው መንደራችን በግሪምዊክ ጀልባ የሚሰየመው በሞተ ሰው ስም ነው፤ በአያት፣ በሟች እናት፣ በአክስት። ባሕር የሞተ ሰው ምን ያደርግለታል? የሚመኘው ሕያውን ነው። አይዛክ ቲከር ግን ልጅ አጥቶ አጥቶ በአርባ ዓመቱ ሴት ልጅ ሲያገኝ ደስታው ራሱ ላይ ወጣ። አዲሷ ጀልባው ልጅቷ በተወለደች በሳምንቱ ከአናጢው እጅ ወጣች፤ እሱም በልጅቷ ስም ሂልዳ ብሎ በነጭ ቀለም ጻፈባት። ሽማግሌዎቹ አጉረመረሙ። እሱ ሳቀባቸው። አባቴ ሩበን ሌድሊ የጀልባዋ ባልደረባ ነበርና አብሮት ሳቀ።

ልጅቷ ሰባት ዓመት ሲሞላት፣ በመጋቢት ወር፣ ጀልባዋ ከወደቡ አፍ ላይ ዓይናችን እያየ ተገለበጠች። ሦስት ሰዎች ነበሩባት፦ አይዛክ፣ አባቴና የአሥራ ስድስት ዓመቱ ወንድሜ ኤሞስ። የአንዳቸውም ሬሳ አልተገኘም። እኔ የዚያን ጊዜ ዘጠኝ ዓመቴ ነበር።

የሰጠመች ጀልባ ስም፣ ከሟቾቹ የአንዱ ሚስት በሕይወት እስካለች ድረስ፣ በግሪምዊክ አይነሳም። አንድ ሰው ቢያመልጠው የሰማ ሁሉ ክፉ እንዳይደርስበት ቀዝቃዛ ብረት ይነካል፣ በማግስቱም ጀልባ አይወጣም። ሕጉን ማን እንዳወጣው አላውቅም። ባልቴቶችን ለማሳረፍ የታሰበ ይመስለኛል፤ ደግ ሕግ ነው። ያቺን የሰባት ዓመት ልጅ ግን ማንም አላሰባት። አባቷ በሞተ ቀን ስሟም አብሮ ሞተባት።

አብረን አደግን። ሁለታችንም እንደ መንደሩ ሴት ሁሉ ከዛጎሉ ሥጋውን እየፈለፈልን መንጠቆ ላይ እየሰካን ለወንዶቹ የዓሣ ማጥመጃ ገመድ እናዘጋጅ ነበር። ሂልዳ ከድመት ጋር እንኳ የማትጣላ ልጅ ነበረች። ከሚያፌዙባት ጋር አብራ ትስቃለች፣ የሰው ልጅ አዝላ ትውላለች። ውስጧን ግን አታሳይም። ሆዷ ጥልቅ ነበር።

ሃያ አራት ዓመቷ ላይ፣ አንድ ከሰዓት በኋላ እኛ ቤት ገመድ እያዘጋጀን ሳለ፣ ቀና ሳትል ነገረችኝ።

«ኬዚ፣ ላገባ ነው።»

«ያንን የባቡር ትኬት ቆራጭ?»

«እሱን።»

«ዓሣ በሸተተው ቁጥር አፍንጫውን የሚይዘውን?»

«አሁን ለምዷል ባክሽ። ባለፈው ሲመጣ ሁለት ጊዜ ብቻ ነው የያዘው።»

ሳቅን። ክሌመንት ሰግደን የሊድስ ከተማ ሰው ነው፤ ለእኛ ጣቢያ ተመድቦ የመጣ ረጅም፣ ቀጭን፣ ጨዋ ልጅ ነበር። አሁን ወደ ሊድስ ሊመልሱት ነው አለችኝ።

«እና እዛው ከተማ ነዋ የምትጋቡት?» አልኳት።

«አይ። እዚሁ በቤተ ክርስቲያን ነው።»

እጄ ቆመ። በቤተ ክርስቲያን የሚጋባ ሰው ስሙ ሦስት እሁድ ይነበባል። ቄሱ የሙሽራውንና የሙሽራዪቱን ሙሉ ስም በሕዝቡ ፊት ጮክ ብሎ ይጠራል፣ ይህ ጋብቻ መሆን የለበትም የሚል ካለ እንዲናገር።

«መዝጋቢው ቢሮ ሄዳችሁ ብትፈርሙስ? የአሥር ደቂቃ ጉዳይ ነው።»

«አልፈልግም። ክሌመንት በስሜ ይጠራኛል፣ ግን እሱ እንግዳ ነው። የራሴ ሰዎች በተቀመጡበት አንዴ ስሜን መስማት ነው የምፈልገው። ከዚያ በኋላ እሄድላችኋለሁ።» መንጠቆውን ሰካችው። «የምፈራው እናትሽን ብቻ ነው።»

ዶርካስ ከሁለት ክረምት በፊት ሞታለች። ከጀልባዋ ባልቴቶች የቀረችው እናቴ ጀማይማ ብቻ ነበረች። የሂልዳ ስም ታስሮ የቆየው በእናቴ ነፍስ ነበር ማለት ነው። እኔም ይህን እያወቅሁ ለእናቴ አልነገርኳትም። እሁድ ደርሶ ራሷ ትስማው ብዬ ተውኩት። ፈሪዎች ነበርን ብያለሁ አይደል?

ቄስ ሞርላንድ ከመጡ ሦስት ወራቸው ነው፤ የደቡብ ሰው ናቸው፣ የእኛን ነገር ማንም አልነገራቸውም። በመጀመሪያው እሁድ መነጽራቸውን አስተካክለው፣ «ክሌመንት ሰግደን፣ የዚህ ደብር ነዋሪ፤ ሂልዳ ቲከር፣ የዚህ ደብር ተወላጅ» ብለው አነበቡ። ወዲያው የጫማ ጩኸት ተሰማ። ወንዶቹ ጎንበስ ብለው የጫማቸውን ምስማር ነኩ፣ ሴቶቹ ኪሳቸው ውስጥ ቁልፍ ፈለጉ። ቄሱ ምን እንደሆነ ግራ ገብቷቸው ዙሪያቸውን አዩ። ሂልዳ ግን ዓይኗን ጨፍና ነበር፤ ፊቷ ላይ የነበረውን ነገር ዛሬም አልረሳውም። የራበው ሰው የመጀመሪያውን ጉርሻ ሲያገኝ እንደዚያ ይሆናል።

እናቴ ተነስታ ወጣች።

ሰኞ አንድም ጀልባ አልወጣም። ባሕሩ ግን እንደ ወተት የረጋ ነበር፤ ንዴቱን ያባሰውም ይኸው ነው። ማክሰኞ ጠዋት የሂልዳ ደጃፍ ላይ የተፈለፈለ ዛጎል በቅርጫት ተገልብጦ ተገኘ፤ ይሸታል። ጎረቤቷ ፌቢ ሃርላንድ በሯ ላይ ቆማ፣ «እሰይ ሙሽሪት! እንግዲህ ልጆቼን አንቺ ታበያለሽ፣ እኛማ ሥራ ፈታን» አለቻት። ሂልዳ መጥረጊያ አምጥታ ጠረገችው።

እናቴ ደግሞ ካልሲዋን ትሠራለች፣ ትፈታለች፣ እንደገና ትሠራለች። ምግብ ሳቀርብላት ትገፋዋለች። ቢጨንቀኝ ቄሱ ዘንድ ሄጄ ሁሉንም ነገርኳቸው። ከልባቸው አዘኑ። «ሰው የማያውቀውን ነው የሚፈራው። እኔ አስተምራቸዋለሁ» አሉኝ። የተማረ ሰው ሁሉንም ነገር በትምህርት የሚያድን ይመስለዋል።

በሁለተኛው እሁድ ስብከታቸውን በስሙ ላይ አደረጉት። ሂልዳ ማለት በአገራችን ጥንታዊ ቋንቋ ውጊያ ማለት ነው አሉ። ከአሥራ ሁለት መቶ ዓመት በፊት፣ ከእኛ ብዙም ሳይርቅ በዊትቢ ገደል አናት ላይ ወንዱንም ሴቱንም መነኩሴ የምታስተዳድር ሂልዳ የምትባል እመምኔት ነበረች፤ ነገሥታት ምክር ፍለጋ ይመጡባት ነበር፣ ያወቃት ሁሉ «እናቴ» ይላት ነበር አሉ። በኋላ ስሙ በሌላው አገር ሲረሳ በዚህ በእኛ ዳርቻ ግን ጨርሶ አልጠፋም፤ በአያቶቻችን ዘመን የቀረው እንግሊዝ እንደገና ሲወደው እኛ ዘንድ ቀድሞም ነበር። «የእናንተ ቅድመ አያቶች ጠብቀው ያቆዩትን ስም እናንተ ልትቀብሩት ነው?» ብለው ጠየቁን።

ደስ ይል ነበር፤ አልዋሽም። ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል። ከዚያች ዝምተኛ ልጅ ጋር ውጊያ ምን አገናኘው ብዬ ፈገግ አልኩ፤ ቆይቼ ግን አሥራ ሰባት ዓመት ሙሉ ምን ስታደርግ እንደኖረች አሰብኩና ፈገግታዬ ጠፋ። ቄሱ ስሟን ለሁለተኛ ጊዜ አነበቡ። ብረት የነካው ሰው ካለፈው እሁድ አነሰ።

እናቴ ከመቀመጫዋ ተነሳች። «እርስዎ አሥራ ሁለት መቶ ዓመት ይላሉ» አለች፣ ድምፅዋን ሳታነሳ። «እኔ አንድ ቀኑን ነው የማውቀው።» ወጥታ ሄደች።

ረቡዕ ዕለት ሂልዳ ቤታችን መጣች። እናቴ መስኮቱ አጠገብ ካልሲዋን ይዛ ተቀምጣለች። ሂልዳ አልተቀመጠችም።

«እትዬ ጀማይማ፣ ምን አድርጌዎት ነው? ሰባት ዓመቴ ነበር። ባሕሩ የኔንም አባት ነው የወሰደው።»

«አንቺ ምንም አላደረግሽኝም።»

«ታዲያ ስሜን ለምን ይከለክሉኛል? አንድ እሁድ ነው የቀረኝ። ከዚያ እሄዳለሁ፣ ዳግመኛ አያዩኝም።»

እናቴ ካልሲዋን መሥራት አቆመች። ከዚያ ለእኔ፣ ለልጇ፣ በዚያ ሁሉ ዓመት ያልነገረችኝን ለሂልዳ ነገረቻት።

«ያን ቀን ገደሉ ጫፍ ላይ ነበርኩ። ጀልባዋ ስትገለበጥ ሁለት ራስ ብቅ አለ። ማን ማን እንደሆነ አይለይም። ነፋሱ ወደ ባሕሩ ነበር የሚነፍሰው፤ ብጮህ እንደሚሰሙኝ አውቄያለሁ። ማንን ልጥራ? ሩበን ብል ልጄ ይሰማል። ኤሞስ ብል ባሌ ይሰማል። አንዱ ሳልጠራው ይሙት? አልቻልኩም። አፌ እምቢ አለኝ።» ካልሲው ከእጇ ወደቀ። «ስለዚህ የጀልባዋን ስም ጠራሁ። ሂልዳ፣ ሂልዳ፣ ሂልዳ እያልኩ፣ ድምፄ እስኪዘጋ፣ ሁለቱም ራስ እስኪጠፋ። ልጄ እናቱ እንጨት ስትጠራ እየሰማ ነው የሰጠመው። ሰው ያን ስም ባነሳ ቁጥር ሌላ ምንም አይሰማኝም፤ የራሴ አፍ ነው የሚሰማኝ።»

እኔ ከምድጃው አጠገብ ቆሜያለሁ። ሂልዳ ጎንበስ ብላ ካልሲውን አነሳችና የእናቴ ጉልበት ላይ አስቀመጠችው። ከዚያ እጇን እዚያው ተወችው።

«ይተዉት እትዬ» አለች። «አይነበብም።»

የዚያን ጊዜ መናገር ነበረብኝ። እናቴ ሐዘኗን ሌላ ቦታ ታሳድረው፣ ስሙ የዚህች ልጅ ነው ማለት ነበረብኝ። በሕይወቴ ብዙ ተናግሬያለሁ፤ ለጭቅጭቅ አፌ ቦዝኖ አያውቅም። በዚያች ሰዓት ግን ዝም አልኩ። እስከ ዛሬ የሚቆጨኝ እሱ ነው።

የጥምቀት መዝገቡ ላይ ሂልዳ አን ቲከር ተብሎ ነው የተጻፈው፤ አን የሚለውን ማንም ተጠቅሞበት አያውቅም። ሂልዳ ቄሱ ዘንድ ሄዳ ሦስተኛው በዚያ ስም ይነበብልኝ አለቻቸው። ተከራከሯት፤ በኋላ ግን ስሙም የሷ ነውና ተሸነፉ። በሦስተኛው እሁድ «አን ቲከር» ተብሎ ተነበበ። ማንም ብረት አልነካም፣ ማንም አልተነሳም። መንደሩ በሙሉ ተንፈስ ሲል ይሰማል። እናቴ ወለሉን ታይ ነበር። ሂልዳ ዓይኗን አልጨፈነችም፤ ቄሱን አሻግራ ግድግዳውን ታያለች።

ሰርጋቸው ላይ ፌቢ ሃርላንድ ሳትቀር ኬክ ጋግራ መጣች። «አን የኔ ቆንጆ» እያለች ሳመቻት። ሁላችንም ተቀበልናትና «አን፣ አን» አልናት። አሥራ ሰባት ዓመት በስም ጠርተናት አናውቅምና፣ በዚያች አንዲት ቀን የዚያን ሁሉ ዓመት ያህል ጠራናት። ክሌመንትም እንደ እኛ አን ይላት ጀመር፤ በማግስቱ አብረው ወደ ሊድስ ሄዱ።

እናቴ ከዚያ በኋላ ዘጠኝ ዓመት ኖረች። ሂልዳ በየገናው ካርድ ትልክላታለች፤ ግርጌው ላይ «አን ሰግደን» ይላል። እናቴ ካርዶቹን አንድም ሳትጥል ከመጽሐፍ ቅዱሷ ውስጥ ታስቀምጣቸው ነበር። ባረፈች በአምስተኛው ወር የፌቢ ሃርላንድ ልጅ ሴት ልጅ ወለደችና ሂልዳ ብላ አስጠመቀቻት። የሚያምር የአገር ስም ነው፣ ከልካይም የለው አሉ። ፌቢ ሕፃኗን ታቅፋ በመንገዱ ላይ «ሂልዳዬ፣ ሂልዳዬ» እያለች ስታልፍ ሰማሁ። ያን ዕለት ቤቴ ገብቼ በሬን ዘግቼ አለቀስኩ። ለእናቴ ቀብር እንኳ እንደዚያ አላለቀስኩም።

በሳምንቱ በባቡር ሊድስ ሄድኩ። እናቴ ማረፏንና ስሙ መፈታቱን በደብዳቤ መላክ አልሆነልኝም፤ በአፌ መሆን ነበረበት። መንገድ ሙሉ ስሙን በልቤ እለው ነበር፤ ከልጅነቴ ጀምሮ ጮክ ብዬ ጠርቼው አላውቅምና። በጭስ የጠቆሩ የጡብ ቤቶች የተደረደሩበት ጠባብ መንገድ ላይ ደረስኩ። ከመንገዱ ማዶ ለማዶ በተወጠረ ገመድ ላይ ልብስ እያሰጣች አየኋት። ወፍራለች፣ እጅጌዋን ሰብስባለች። ትንሽ ሴት ልጅ ከቅርጫቱ አጠገብ ቆማ ልብስ መቆንጠጫ ታቀብላታለች።

ቆምኩና በሙሉ ድምፄ «ሂልዳ!» ብዬ ጠራኋት።

ቀና ብላ አየችኝና ፊቷ በደስታ በራ። ከዚያ ወደ ኋላዋ ዞረች፤ ማንን እንደምጠራ ልታይ።

«ኬዚ! በምን እግርሽ መጣሽ! ከማን ጋር ነው የመጣሽው?»

እኔ ቆሜ አየኋት። ቀስ በቀስ ገባት፤ እጇ ላይ የነበረው እርጥብ ሸሚዝ ለአፍታ ቆመ። እናቴ እንደሞተች፣ እኔም ለምን እንደመጣሁ በዚያች ቅጽበት ያወቀች ይመስለኛል።

ልጅቷ ቀሚሷን ጎተተቻት። «እማ፣ ሂልዳ ማናት?»

«የአያትሽ ጀልባ ነበረች» አለቻት፣ ሸሚዙን ገመዱ ላይ እየዘረጋች።