ሁለቴ ያንኳኩ

«ትሁት ነበረች» አለች የታችኛው ፎቅ ጎረቤት፣ የሻይ ብርጭቆውን በሁለት እጇ አቅፋ። «ድምፅዋ የማይሰማ፣ አንገቷን የደፋች ሴት።»

ሾፌሩ ጆሮውን ወደ ልጁ አዘነበለ። ዕድሜ ልኩን ከከባድ መኪና ሞተር አጠገብ የከረመ ጆሮ ነው፤ በለቅሶ ቤት የሚንሾካሾክ ሰው ቀርቶ የሚጮኸውም በግማሽ ነው የሚደርሰው።

«ምን አለች?»

«እማዬ ትሁት ነበረች ነው የሚሉት» አለችው ልጁ፣ ጆሮው ሥር ጮክ ብላ።

«ማን? የኔ ሚስት?»

ጎረቤቷ ሻይዋን ፉት አለች፤ አንድ ሽማግሌ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ሐዘንተኛ ነውና ማንም አልተቀየመውም። እሱ ግን ተቀይሟል። ሰዉ ከመጣ ጀምሮ የሚያወራው ለማንም ሚስት ሊባል የሚችለውን ነው፤ ደግ ነበረች፣ ቤቷ የተከበረ ነበር፣ ክፉ ቃል ከአፏ አይወጣም። ክፉ ቃልማ ይወጣት ነበር። ደግሞም ትሁት አልነበረችም። የሠራችው ነገር ሲሳካላት ጣቷን ደረቷ ላይ ተክላ «እኔ ነኝ የሠራሁት» የምትል ሴት ነበረች፤ እሱም የሚወዳት ይህችኑ ሴት ነበር። ስለ ሥራዋ ቃል የተነፈሰ ሰው ግን የለም። አንዳንዴ የተቀበረችው የሌላ ሰው ሚስት ትመስለዋለች።

ሰፈሩ የሚጠራት ስልከኛዋ እያለ ነው። በወጣትነቷ የስልክ ማዞሪያ ቤት ተቀምጣ፣ ገመድ እየነቀለች ገመድ እየሰካች ሰውን ከሰው ስታገናኝ ኖራለች። ማሽን ሥራዋን ሲወስድባት ወደ ቢሮ ወረቀት አዛወሯት፤ ጡረታ ስትወጣ ሰው ሁሉ «ተገላገለች፣ አረፈች» አለ። አላረፈችም። አንድ ቅዳሜ፣ በቤተ መጻሕፍቱ የኋላ ክፍል ኤሌክትሮኒክስ ሊማማሩ ከሚሰበሰቡ ሰዎች ጋር ውላ፣ የክብሪት ሣጥን የምታህል አረንጓዴ ቦርድ ይዛ መጣች። ቦርዷ ላይ አንዲት ጥቁር ቺፕ ተለጥፋለች፤ ግራና ቀኟን ቀጫጭን እግሮች እንደ ማበጠሪያ ጥርስ ተደርድረዋል።

«ይቺ» አለችው «ኮምፒውተር ላይ ፕሮግራም ጽፌ ስጭንባት ያልኳትን ትሠራለች።»

«እኔስ ያልሽኝን አልሠራም?»

«አንተ መቼ ትሰማኛለህ?»

ሳቀ። እሷ ግን ነገሩን በሳቅ አልተወችውም። ጆሮው ከደከመ ወዲህ በር ሲንኳኳ አይሰማም፤ እሷ በሌለችበት የመጣ ዘመድ ሁሉ በሩን ደብድቦ ደብድቦ ተቀይሞ ይመለሳል። ስለዚህ ከሳሎኑ በር በላይ አንድ አምፖል ሰቀለች። ከአምፖሉ ሥር በፕላስቲክ ሣጥን ውስጥ ቦርዷን አስቀመጠች፤ በሩ ላይ ደግሞ ድምፅ የምትቀበል፣ የካፖርት ቁልፍ የምታህል ነገር ለጠፈች። መብራት ቢሄድም እንዳይቋረጥ ሣጥኑ ውስጥ ባትሪ ጨመረችበት። በር ሲንኳኳ አምፖሉ ይበራል፤ ሾፌሩ አይቶ ይከፍታል። ነገሩ ይኸው ነው።

ግን መጀመሪያ ላይ ጉድ ሆነ። ሾፌሩን ከምሳ በኋላ ወንበሩ ላይ ሸለብ ያደርገዋል። አምፖሉ ቦግ ይላል፤ ብድግ ብሎ ይከፍታል፤ ማንም የለም። ይቀመጣል፤ ሸለብ ያደርገዋል፤ አሁንም ቦግ። የሰፈር ዱርዬ እየቀለደብኝ ነው ብሎ ዱላውን ይዞ ከበሩ ጀርባ አደፈጠ። አድፍጦ ሲጠብቅ ደግሞ አምፖሉ እምቢ አለ። ስልከኛዋ ከጠረጴዛዋ ሆና ነገሩን ስታጤን ቆየችና እንባዋ እስኪፈስ ሳቀች። ቦርዷን ማንኛውንም ድምፅ እንድትቀበል አድርጋ ስለጻፈቻት፣ ሰውየው በገዛ ማንኮራፋቱ እየተጠራ ነበር በር የሚከፍተው። ያንኑ ሳምንት ፕሮግራሙን እንደገና ጻፈችው፤ አምፖሉ የሚበራው ምቱ ጠንከር ሲልና ወዲያው ሲደገም ብቻ ሆነ። በሩ ላይም «ሁለቴ ያንኳኩ» የሚል ወረቀት ለጠፈች። ሰፈሩ ለመደው። አንዳንዱማ የራሱንም ቤት ሁለቴ ማንኳኳት ጀመረ።

«ይሄን ሽቦ እናውርደውና ፎቶዋን እንስቀልበት» አለች የሾፌሩ ታላቅ እህት፣ ወደ አምፖሉ አንጋጣ። የለቅሶው አዛዥ እሷ ናት። ትልቁን የኤሌክትሪክ ውሃ ማፍያዋን ከቤቷ ተሸክማ የመጣችው በመጀመሪያው ቀን ነው፤ ከዚያ ወዲህ በዚህ ቤት ሻይ ተቋርጦ አያውቅም።

«እትዬ፣ እሱ አይነካም።»

«መጫወቻ እኮ ነው፣ ወንድሜ። ፎቶዋ አይበልጥም?»

«አይነካም አልኩ።»

እህቱ ከንፈሯን መጠጠችና ወደ ብርጭቆዎቿ ተመለሰች። ሾፌሩ አምፖሉን ቀና ብሎ አየው። ሰው የሚገባው በሩ ወለል ብሎ በተከፈተበት ነውና የሚያንኳኳ የለም፤ አምፖሉም ከለቅሶው ጀምሮ አልበራም። በሩ ሲዘጋና ሲንኳኳ ይበራል ብሎ ራሱን አጽናና። ሌላው ሁሉ ከእሷ ጋር ቢሄድም አምፖሉ ቀርቷል፤ እሷ ያለችውን የምትሠራ አንዲት ነገር ቤቱ ውስጥ አለች። ይህን ለማንም አልተናገረም።

ሰው ጋብ ባለበት ቀን ከሰዓት በኋላ ነፋስ ተነሥቶ በሩን ዘጉት። እህቱ ወጥ ቤት ውሃ ከፍታ ብርጭቆ ስታጥብ፣ ሾፌሩ ወንበሩን ወደ በሩ አዙሮ ተቀመጠ። ብዙ ቆየ። ከዚያ በሩ በቁልፍ ተከፈተና ልጁ ዳቦ ይዛ ገባች፤ ከኋላዋ አንዲት ጥቁር የለበሰች ሴት ተከትላታለች።

«አባዬ፣ እንግዳ በር ላይ ቆማ ስታንኳኳ አልሰማሃትም? የጥርስ ሐኪሟ ናት፣ የእማዬ የቅዳሜ ጓደኛ።»

«በሕጉ መሠረት ሁለት ሁለቴ ነው ያንኳኳሁት፣ ጋሼ» አለች ሐኪሟ። «አይፍረዱብኝ።»

ሾፌሩ ግን እሷን አላያትም። የሚያየው አምፖሉን ነበር።

ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ ነውና ተነሥቶ የሣጥኑን የኤሌክትሪክ ገመድ በጣቱ ተከተለ። ገመዱ ከሣጥኑ ወጥቶ፣ በበሩ ጠርዝ ወርዶ፣ ከቁም ሣጥኑ ጀርባ ሄዶ፣ እዚያው መሬት ላይ ተጋድሟል። በሶኬት ማከፋፈያው ላይ በእሱ ቦታ የተሰካው የእህቱ ውሃ ማፍያ ነው።

«እትዬ፣ ይሄን የነቀለው ማነው?»

«እኔ ነኛ፣ በመጀመሪያው ቀን። ሻይ በምን ይፈላ?»

ሾፌሩ ቁም ሣጥኑን ተደግፎ ወለሉ ላይ ቁጭ አለ። በቀብሩ ቀን እንኳ ሰው ፊት ያልፈሰሰ እንባ አሁን ጉንጩ ላይ ወረደ።

«አጠፋሻት» አለ።

እህቱ ደነገጠች። ልጁ ግን ገባት። አንድ ጊዜ ሾፌሩ ፂሙን ሊላጭ ብሎ የስልከኛዋን ኮምፒውተር ገመድ ነቅሎባት ነበር። «ጠፋብኝ! ከጧት ጀምሮ የጻፍኩት ሁሉ ጠፋብኝ!» ብላ የጮኸችውን ደንቆሮ ጆሮው እንኳ ጥርት አድርጎ ሰምቶታል። የተነቀለ ነገር ይጠፋል ብሎ ያመነው ያን ቀን ነው፤ ከዚያ ወዲህ ጠረጴዛዋ ዘንድ ድርሽ ብሎ አያውቅም። ኮምፒውተሩም እሷ ከመታመሟ በፊት ተቃጥሎ፣ በውስጡ የጻፈችው ሁሉ አብሮት ሄዷል። የቀረው ከበሩ በላይ ያለው ብቻ ነበር።

ልጁ ይህን ለሐኪሟ ነገረቻት። ሐኪሟ ጫማዋን አውልቃ ወለሉ ላይ ከሾፌሩ አጠገብ ቁጭ አለች፤ ጆሮው ጋም ተጠጋች።

«ጋሼ፣ ያን ጊዜ የጠፋባቸው ኮምፒውተሩ ላይ እየጻፉ ገና ያላስቀመጡት ነው። ቦርድ ላይ አንዴ የተጫነ ፕሮግራም ግን ስለተነቀለ አይጠፋም። ባትሪውም ሰንብቶ ሰንብቶ አልቆ ነው። ቦርዷ ተኝታለች በሉት። ሰው ሲተኛ ፊደል ይረሳል?»

«እንቅልፍ ከሆነ አይረሳም» አለ ሾፌሩ።

«እንቅልፍ ነው።»

አላመናትም። ሰክቶ ባይበራስ? ሳይሰካ ቢቀር ቢያንስ አያውቅም። ገመዱን በእጁ እንደያዘ ቀረ። ሐኪሟም አልቸኮለችም፤ ወንበር ላይ ወጥታ የሣጥኑን ክዳን በጥንቃቄ እየከፈተች ማውራት ጀመረች።

«እኛ ጋ ባለቤትዎን አለቃ ነበር የምንላቸው። መጀመሪያ ቀን ሽቦ በይጄ ባሳያቸው ምን ቢሉኝ ጥሩ ነው? ‹ይሄ ብየዳ ነው ወይስ የወፍ ኩስ?› የሰው ጥርስ የምሞላ ሴት ነኝ እኮ፣ ጋሼ። እየደጋገሙ አስበየዱኝ። የኔ ሲሳካ ደግሞ ክፍሉን ሁሉ ጠርተው ‹ኑ እዩ፣ እኔ ነኝ ያስተማርኳት› አሉ።» የሞተውን ባትሪ አውጥታ ኪሷ ከተተች። «ትሕትና የሚባል ነገር አልፈጠረባቸውም።»

ሾፌሩ ከወለሉ ቀና አለ። እንባው ሳይደርቅ ሳቁ መጣ፤ ስንት ቀን ሲጠብቀው የነበረው ሰው ይኸው መጣለት።

«ሰማሽ?» አለ እህቱን። «ትሁት አልነበረችም።»

«ሰማሁ» አለች እህቱ፤ ራሷ ሄዳ ውሃ ማፍያዋን ነቀለችለት።

ሰካው። ለአፍታ ምንም የለም። ከዚያ አምፖሉ ብልጭ አለ፤ ጠፋ። ብልጭ አለ፤ ጠፋ። ሦስተኛው ላይ በርቶ ቆየ፣ ከዚያ ረጋ ብሎ ጠፋ።

«ይኸው ነቃች» አለች ሐኪሟ ከወንበሩ ላይ። «ይቺ የአለቃ ሰላምታ ናት፤ ቦርዳቸው ሁሉ ሲነሣ መጀመሪያ እንዲህ ይላል። ሁላችንም ቀድተናታል። በኔ ክሊኒክ ያለው፣ የሰዓት ጠጋኙ ሱቅ ያለው፣ ችግኝ የሚያጠጣው፣ ሁሉም እንዲህ ብሎ ነው የሚነሣው። ምን ማለት ነው ስንላቸው ‹ሰውየው መጣ ማለት ነው› ይሉናል። የትኛው ሰውዬ እንደሆነ ግን ነግረውን አያውቁም።»

ሾፌሩ ብልጭታውን አወቀው። ልጁ አፏን በእጇ ይዛለች፤ እሷም አውቃዋለች። ሁለት አጭር፣ አንድ ረጅም። በሹፍርና ዘመኑ ከሩቅ መንገድ ሲመለስ ከመታጠፊያው ላይ የሚያሰማው የክላክስ ድምፅ ነው። ጎረቤት «ይሄ ሰው መኪና ነው የሚነዳው ወይስ ሠርግ?» እያለ ያማርር ነበር። ስልከኛዋ ግን ክላክሱን ስትሰማ ምን ሥራ ብትይዝ ጥላው ትወጣና፣ መኪናው እስኪታይ ደጅ ላይ ቆማ ትጠብቀዋለች። ጡረታ ሲወጣ ክላክሱ ቀረ፤ ጆሮውም ተከተለ። አምፖሉ ግድግዳ ላይ ከወጣ ጀምሮ ቦርዷ በባትሪው ምክንያት ኃይል ተቋርጦባት ስለማያውቅ፣ ስትነሣ የምትለውን አይቶ አያውቅም። በሠራችው ሁሉ ስትኮራ የኖረች ሴት ይህችን ብቻ ደብቃ ሄደች።

«እኔ ነኝ» አለ በመጨረሻ። ድምፁ ሳይታወቀው ጎላ ብሎ ወጣ። «ሰውየው እኔ ነኝ።»

ሐኪሟ ወጥታ በሩን ዘጋችና ሁለቴ አንኳኳች። አምፖሉ በራ፤ ሾፌሩም ተነሥቶ ከፈተላት።

ማምሻውን ሳሎኑ እንደገና በሰው ሞላ። ውሃ ማፍያው ወጥ ቤት ገብቷል፤ ፎቶው ከመስኮቱ አጠገብ ተሰቅሏል። የታችኛው ፎቅ ጎረቤት ተመልሳ መጥታ ከሐኪሟ አጠገብ ተቀምጣለች፤ ሾፌሩም ስለ ማንኮራፋቱ፣ ስለ ዱላው፣ ስለ ወፍ ኩሱም አንድም ሳያስቀር ነገራቸው። ሰው ለቅሶ ቤት መሆኑን እስኪረሳ ሳቀ። «እንዲህ ያለች ሴት ነበረች?» አለች ጎረቤቷ። «እንዲህ ያለች ነበረች» አለ፣ ጣቱን ደረቱ ላይ ተክሎ። «የኔ ሚስት ነበረች።»

ጨዋታው ወደ ሌላ ሲዞር ቀስ ብሎ ተነሣና ወደ ቁም ሣጥኑ ጀርባ ሄደ። ጎንበስ አለ። ስንት ቀን ማንም እንዳይነካው ሲጠብቀው የነበረውን አምፖል፣ ገመዱን በገዛ እጁ ነቀለው።

«ደግሞ ምን ሆነ?» አለች እህቱ ደንግጣ።

«ምንም» አለ። መልሶ ሰካውና ቆቡን አውልቆ፣ ከበሩ በላይ ወዳለው አምፖል ቀና ብሎ ቆሞ ጠበቀ።