ሚስተር ዊትኮም የጻፋት ሴት

ዋሲላ ሚስተር ዊትኮምን የወደደቻቸው ገና በመጀመሪያው ቀን፣ በሩ ላይ «አሰላሙ ዓለይኩም» ብለው ሲቀበሏት ነው። በሰው አገር፣ ከምትኖርበት ከስኮትዴል ወደ ሳንዲ ስፕሪንግስ እየተመላለሰች ስንቱን አዛውንት አጥባለች፣ አብልታለች፤ ስሟን እንኳ በቅጡ የጠራት አልነበረም። እኚህ እንግሊዛዊ ግን ሒጃቧን አይተው ሰላምታዋን አወቁላት። ሰው አገኘሁ አለች።

ሰማንያ ስምንት ዓመታቸው ነበር። በወጣትነታቸው፣ እንግሊዝ ሙስሊም የሚበዛባትን የሩቅ ምሥራቅ አገር ማላያን ስትገዛ፣ የአንድ ወረዳ ሹም ሆነው ተልከው ነበር። ቀን ግብር ሲያስከፍሉና ሲፈርዱ ይውላሉ፤ ሲመሽ ስለዚያው ሕዝብ ልብ ወለድ ይጽፋሉ። ሦስት መጽሐፍ ወጥቶላቸዋል። አሁን ዓይናቸው ደክሞ፣ ሚስታቸውም ሞተው፣ የሚኖሩት ልጃቸው ኬት ዘንድ ነው። ለዋሲላ ከተሰጧት ሥራዎች አንዱ ጠዋት ጠዋት ጮክ ብላ መጽሐፍ ማንበብ ነበር።

እሷም ኮራችባቸው። ደሴ ላለችው፣ እቴቴ እያለች ለምትጠራት ለታናሽ እህቷ ለነሲባ «የምሠራው ደራሲ ቤት ነው» ብላ ስማቸውን ነገረቻት። ነሲባ አሥራ ስድስት ዓመቷ ነው፤ እንግሊዝኛ ማንበብ ነፍሷ ነው። ወዲያው ኢንተርኔት ላይ ፈልጋ የመጽሐፎቻቸውን ስም በቃሏ ያዘች።

በ2014 ረመዳን፣ አንድ ቀን፣ ሽማግሌው መጽሐፉን አስዘጓት።

«የሰው ሐቅ ይዞ መሞት በእናንተ ዘንድ ከባድ ነው፣ አይደለም?»

«ከባድ ነው። ባለሐቁ አፉ ካላለ አይለቅም» አለቻቸው። በወሎ ሰው ሐጅ ሲሄድም፣ ሞት አልጋ ላይ ሲሆንም፣ ያስቀየመውን ሁሉ አፉ በለኝ፣ ይቅር በለኝ እንደሚል አስረዳቻቸው።

«እኔ ማይሙና የምትባል ወጥ ቤት ነበረችኝ» አሉ። «ወንድሜ ነው የምትለው ልጅ የራሷ ልጅ ነበር። አምናኝ ነገረችኝ፤ እኔ ጻፍኩት። እንግሊዝኛ የሚያነብ አንድ የቢሮ ጸሐፊ መንደሩን አዳረሰው። ባሏ ፈታት። ከዚያ ወዲያ አላየኋትም።»

እንባቸው በጉንጫቸው ወረደ። ዋሲላ ያደገችበት አገር፣ ገመናውን የዘረገፈልህን ሰው ብቻውን እርቃኑን ትተኸው አትነሳም፤ አንተም የራስህን ታወጣለህ። ከአገሯ ከወጣች ጀምሮ፣ አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ፣ ለማንም ያልተነፈሰችውን ነገረቻቸው።

ነሲባ እህቷ አይደለችም፤ ልጇ ናት። ሳታገባ በሃያ ዓመቷ ወለደቻት፤ እናቷም ደሴ፣ ሸዋ በር ባለችው የጨርቅ ሱቋ «የመጨረሻ ልጄ ናት» እያለች አሳደገችላት። ዋሲላ ዲቪ ስትሞላ ደላላው «ልጅ ካለሽ ያከብድብሻል» አላት። የለኝም ብላ ሞላች። ደረሳት፤ መጣች። እንግዲህ የሌለችን ልጅ በምን አፍ ታምጣት?

«አደራ» አለቻቸው።

«አማና» አሉ፣ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው። ማላዮችም አደራን እንዲሁ ነው የሚሉት። ዋሲላ የዚያን ቀን ቀሏት ዋለች፤ የዋህ።

በጥቅምት ኬት ወረቀት ይዛ እየሳቀች ገባች። አባቷ በድምፅ መቅጃ የቀዱትን ታሪክ እሷ ተይባ ልካው፣ አንድ መጽሔት ተቀብሎታል። በአርባ ዓመት የመጀመሪያው ነው። ነገ ድረ ገጹ ላይ ይወጣል።

«አንብቢልኝ» አሏት ሽማግሌው፣ ዓይናቸውን ጨፍነው።

ዋሲላ ማንበብ ጀመረች። ደሴ የምትባል ተራራማ ከተማ ነበረች። የጨርቅ ሱቅ ነበር። ሳታገባ የወለደች ልጅ፣ «የመጨረሻ ልጄ ናት» የምትል እናት። ሁለተኛው ገጽ ላይ ማንበቧን አፈጠነች። ሽማግሌው ዓይናቸውን ሳይከፍቱ «እዚያ ጋ ነጠላ ሰረዝ አለ፣ ትንሽ ቆም በይ» አሏት።

አንቱታው እዚያች ላይ አበቃ።

«ይህ የእኔ ነው» አለች።

«ስምሽን ቀይሬዋለሁ እኮ። ማን ያውቅሻል?»

«ደሴን ለምን አልቀየርከውም?»

«ስሙ ያምራል።»

«ነሲባ የአንተን ስም እየፈለገች ታነባለች! አስወጣው!»

ኬት ጣልቃ ገባች። «ዋሲላ፣ ፕሊስ። እየሞተ ነው። ይቺን አትንፈጊው።»

ዋሲላ ግን ሌላ ነገር ገብቷት ነበር፤ በጽሑፉ ሴት አጥፍቶ ያለቀሰ ሰው መልሶ ይህን አይጽፍም። «ማይሙናስ? እውነት ናት?»

ሽማግሌው አሰበ። ማሰቡ ራሱ አናደዳት። «ወጥ ቤትስ ነበረችኝ» አለ። «ስሟን አላስታውስም። ስለ እህትሽ ስታወሪ ጠርጥሬ ነበር፤ የቀረው... ታሪክ ነው።»

ያ ሁሉ እንባ የእሷን ለማውጣት ነበር። ዓሣ እንኳ በትል ነው የሚያዝ፤ እሷ የተያዘችው በሌለች ሴት ነው። ሽማግሌው ከእሷው በተማረው ቃል፣ በተሰባበረ አማርኛ፣ «አፉ በይኝ» አላት።

«ሐቄን አፉ አልልም» አለችውና ወረቀቱን ጭኑ ላይ ጥላለት ወጣች።

ፓርኪንግ ሎቱ ውስጥ ቆማ በቫይበር ደወለች። ደሴ ላይ አመሻሽ ነው፤ ነሲባ ከትምህርት ቤት ተመልሳለች። ዋሲላ ባዕድ ሳይቀድመኝ ብላ፣ በአንድ ትንፋሽ ተናገረችው።

«ነሲባ፣ እኔ እህትሽ አይደለሁም። እናትሽ ነኝ።»

«አውቃለሁ» አለች ልጅቷ። «አምስተኛ ክፍል ሳለሁ እማ ለጎረቤት ስታወራ ሰምቻለሁ። አንቺ እስክትነግሪኝ እየጠበቅሁ ነበር።»

ዋሲላ መኪና ተደግፋ አለቀሰች። የደስታ ለቅሶ ነበር፤ አላህን አመሰገነች፤ ልጄ አለች፣ ልጄ፣ ደጋግማ። ነሲባም ታለቅስ ነበር።

«ለምን ዛሬ ነገርሽኝ?» አለች ነሲባ አፍንጫዋን እየሳበች።

ዋሲላ የዚያን ቀን ውሸት በቅቷት ነበርና ሁሉንም ነገረቻት፤ ስለ ሽማግሌው፣ ስለ መጽሔቱ፣ ነገ እንደሚወጣም።

ነሲባ ማልቀሷን አቆመች።

«ፈረንጁ ባይጽፈው ኖሮ ትነግሪኝ ነበር?»

ዋሲላ አዎ ልትል አፏን ከፈተች። ልጅቷ ጠበቀች፤ ጠበቀችና ተወችው።

«በይ ሥራሽን ሥሪ፣ እቴቴ» አለቻትና ዘጋችው።