የእንደራሴው እጅ

ሙሴ ፔይሮኔ ላም መንዳት አይችሉም። እንዲያውም ላሟ ነበረች እሳቸውን የምትነዳቸው።

የመንደራችን ከንቲባ ሆነው ኖሩ፣ ከዚያም ከንቲባነቱን ሳይለቁ የፓርላማ እንደራሴ ሆነው ፓሪስ ገቡ። ጀርመኖች ሲያሸንፉንና እንደራሴዎቹ ሥልጣኑን ጠቅልለው ለሽማግሌው የጦር አዛዥ፣ ለማርሻሉ ሲያስረክቡ «አልስማማም» ካሉት ጥቂቶች አንዱ እሳቸው ናቸው። ከንቲባነታቸው ተገፈፈ። አሁን ደግሞ ሊያስሯቸው እየፈለጓቸው ነው።

የእኛ ግጦሽ ጀርመኖች አገሩን ለሁለት ከከፈሉበት መስመር ማዶ ነው። ማዶ ጀርመን የለም። እኔና አጎቴ ፊርማን ማለፊያ ወረቀት ስላለን ላሞቹን በየቀኑ እናሻግራለን። ያን ቀን አጎቴ ወገቤን አመመኝ ብሎ ተኛና (ምንም አላመመውም) ወረቀቱን፣ ቆቡንና የእንጨት ጫማውን ለሙሴ ፔይሮኔ ሰጠ።

«አደራ ሙሴ» አለች እናቴ፤ «እጅዎ ከኪስዎ፣ ቃል ከአፍዎ እንዳይወጣ!»

«እሺ እመቤቴ» አሉና እጇን ጨበጧት።

ወንዙ ዳር ማዳም ክሎቲልድ ልብስ ታጥባለች። ሙሴ ቆባቸውን አነሱ። «እንደምን አደሩ! ጥንቸሎቹ ወለዱ?»

«ሙሴ!» አልኳቸው ጥርሴን ነክሼ፤ «ምርጫ የለም እኮ!»

«ይቅርታ ሶላንዥ፣ ልማድ ነው።»

«አጎቴ ለማንም ሰላም አይልም። ሰው ሲያይ ይተፋል።»

«እኔ መትፋት አልችልበትም።»

«ታዲያ ፓርላማ እንዴት ገቡ?»

ሳቁ። የመስመሩ ኬላ ግን እየታየን ነው። ከተያዙ እሳቸው እስር ቤት፣ እኛም ከኋላቸው።

ጀርመኑ ዘበኛ ወረቀቱን አየ፣ የደበዘዘውን የአጎቴን ፎቶ አየ፣ አዛጋ። ሂዱ አለን በእጁ። ተመስገን ብዬ ሳልጨርስ፣ አጥሩ ጋ የቆመው የእኛው አገር ፖሊስ ላንድሪ ዞር አለ። ላንድሪ አጎቴን ከልጅነቱ ጀምሮ ያውቀዋል። የሙሴ ፔይሮኔ እጅ ደግሞ እንደ ውሻ ከኪስ ዘሎ ወጣ።

«ላንድሪ! እናትህ እንዴት ናቸው? ጉልበታቸው ተሻላቸው?»

ላንድሪ እጁን እንደተያዘ ደርቆ ቀረ። ጀርመኑ ዞረ። እኔ የላሟን ጭራ ጨበጥኩ፤ ምን እንደሚያደርግልኝ እንጃ።

«ፊርማን!» ብሎ ጮኸ ላንድሪ። «አንተ ሰካራም! ገና በጠዋቱ ወይን ጀመርክ? ድሮም የማታፍር!» ደረታቸውን ገፍቶ ጭቃው ላይ ዘረጋቸው። «ውሰጂልኝ ይሄን አጎትሽን!»

ጀርመኑ ሆዱን ይዞ ሳቀ። እኔም ዕድሌን ተጠቀምኩ። «ተነስ አንተ!» አልኩ፤ «ቤተሰብ አሰዳቢ!» የፓርላማ እንደራሴ በክንድ ጎትቼ አስነሳሁ፣ ጭቃ በጭቃ እንደሆኑ።

መታጠፊያውን ካለፍን በኋላ ቦይ ውስጥ ተቀመጥን። እሳቸው ሳቁ፣ ሳቁ፣ እንባቸው ፈሰሰ። እኔም አብሬ። ላሞቹ ቆመው አዩን።

ብስክሌት ይዞ የሚጠብቃቸው ሰው ጫካው ጫፍ ላይ ነበር። ሲሄዱ ደጋግመው ዞር አሉ።

ማታ ላሞቹን ብቻዬን ይዤ ስመለስ ላንድሪ ወደ ሰማይ እያየ ዝናቡ አይቀርም አለ፤ አጎትሽ የት ቀረ ብሎ አልጠየቀኝም።

እናቴ በሩ ላይ ጠበቀችኝ። «አለፉ?»

«አለፉ።»

ግድግዳውን ተደግፋ ረጅም ትንፋሽ ተነፈሰች። «ዝም ብለው?»

«ዝም ብለው።»

ሾርባዬን እየቀዳች አየችኝ። «ውሸታም» አለችና ቅቤ ጨመረችልኝ።