የደቡቡ ምድር ቀለም

…እና አረንጓዴው አልቋል ማለት ነው፣ አላለቀም፣ ቀለም በምትበጠብጥበት ዛጎል ግርጌ ትንሽ ቀርታለች፣ በሙጫ ውሃ ብትበጠበጥ ለዚህኛው ካርታ ትበቃለች፣ የዓለምን ታችኛ ጥግ ከዳር እስከ ዳር ይዞ ለተጋደመው ምድር፣ ማንም ላልረገጠው፣ ሊስቤት ግን በብሩሽ ስንቴ ለተመላለሰችበት። የብሩሹን ጫፍ በከንፈሯ ልታሾል ነው፣ ተይ እንጂ አንቺ፣ የመዳብ ዝገት ነው፣ መርዝ ነው፣ ሮምባውት ሁሌ ይላት ነበር፣ አንድ ቀን አረንጓዴ ሆነሽ አገኝሻለሁ። ሮምባውት። ባሏ። ከጠፋ ሁለት ዓመት ሊሆነው ነው።

አብረው ከወጡት ሦስት መርከቦች አንትወርፕ የተመለሰው አንዱ ነው፣ የተመለሱትም የሚያወሩት ያንኑ ነው፣ በአሜሪካ ታችኛ ጫፍ፣ በጠባቡ መተላለፊያ አፍ ላይ ማዕበል ተነሣ፣ የሮምባውትን መርከብ ወደ ደቡብ ነዳው፣ ሸራው እያነሰ፣ እያነሰ፣ ከዚያ ዝናብ ጋረደው። ወደ ደቡብ። እዚህ፣ ከጣቷ ሥር። ለዚህ ምድር አረንጓዴ የማትሰስተው ለዚህ ነው፣ የካርታ ቤቱ ባለቤት፣ ጌታዋ ላምብሬክት፣ ቀለም ታበዢያለሽ ይላታል፣ ታበዛለች እንጂ፣ ባሏን ያሳረፈችበት አገር ነው፣ ለምለም ካልሆነ ምን ሊበላ፣ አንዳንዴ ቀጭን ወንዝም ትጨምርለታለች፣ ማን ያይባታል። አማቷ ናቸው ይህ የማይዋጥላቸው። ልጄ ሞቷል፣ እሑድ ጸሎተ ፍትሐት ይደረግለት፣ አንቺም ጥቁርሽን ልበሺ፣ እስከ መቼ። ቀሚሱን አልጋዋ ላይ ዘርግተውት ሄደዋል፣ ነገ እነግርዎታለሁ አለቻቸው፣ ነገ ዛሬ ሆነ።

ጠዋት ደግሞ አንድ መርከብ መሪ፣ ያስፐር የሚባል፣ የባሕር ካርታ ሊገዛ ገብቶ፣ ጢሙ ላይ የቢራ አረፋ እንደያዘ፣ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን አይቶ ሳቀ። የላምብሬክት ደሙ ፈላ፣ ምን ያስቅሃል? ይሄ የደቡብ ምድር ነዋ። ምን ሆነ? የለማ ጌታዬ። ስማ አንተ፣ መሬት በሰሜን ይህን ሁሉ አገር ተሸክማ በደቡብ ባዶዋን ብትሆን ሚዛኗ አይዛባም? የሚዛኑን ነገር ቅቤ ነጋዴዎቹን ይጠይቁ፣ እኔን በዚያ በኩል ነፋስ ነድቶኛል፣ ያየሁት ውሃ ነው፣ ከውሃው ወዲያ ሌላ ውሃ። ትንሽ ራቅ ብትል ታገኘው ነበር። እሱማ ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ ነው ጌታዬ። ቤቱ በሙሉ ሳቀ፣ ሊስቤት አልሳቀችም፣ ውሃ ከሆነ ሮምባውት የት አረፈ፣ ሰውዬው በአንድ ሳቅ ባሏን ከምድሩ ገፍትሮ ባሕር ውስጥ ጣለባት፣ ጠላችው፣ ልትሰድበው እስከ ደጅ ተከተለችው።

ስድቡ ግን አልወጣ አላት። እንዲያ የተነዳ መርከብ መጨረሻው ምንድን ነው አለችው። ማን ሄዶብሽ ነው? ባሌ። ባርኔጣውን አወለቀ፣ እኅቴ፣ መርከብን የሚገድላት ውሃ መሰለሽ? ውሃማ ቤቷ ነው። ነፋስ የነዳትን መርከብ የሚሰብራት ምድር ነው፣ ድንጋይ ነው፣ ያ እናንተ የምታቀልሙት አገር እዚያ ቢኖር ኖሮ እኔ ዛሬ አንቺ ደጅ አልቆምም ነበር። ሸራ ጠቅልለን ራሳችንን ለነፋሱ ለቀቅን፣ ማዕበሉ እስኪወጣለት፣ ውሃው ሰፊ ነው፣ የሚያላትም የለም። ባልሽን እንጃ፣ አልዋሽሽም፣ በምሥራቅ ወዳሉት የቅመም ደሴቶች ወስዶት ከሆነ ዞሮ መምጣቱ ዓመታት ይፈጃል። ግን ሳይላተም የሚነዳበት ቦታው አለ።

ቦታው አለ አለ።

ታዲያ አንቺ ሊስቤት ሁለት ዓመት ሙሉ ምን ስትሠሪ ነበር፣ አለት ስታነጥፊለት፣ በሮምባውት ፊት ከዳር እስከ ዳር አለት፣ ያውም በለምለም ቀለም ሸፍነሽ፣ አቤት፣ አቤት። አረንጓዴው ዛጎል ወዲያ ይሂድ። ሰማያዊው የት አለ፣ ውዱ፣ ላምብሬክት በዓይኑ የሚጠብቀው፣ ይጠብቀው። በውሃ አቅጥና ከጠባቡ መተላለፊያ አፍ ትጀምራለች፣ የመርከቡ ሸራ ከጠፋበት፣ ወደ ታች፣ ወደ ጎን፣ ተራራው ላይ፣ የታተመው ስም ላይ፣ የጠረፉ ሰረዞች ከሰማያዊው ሥር ሲታዩ ሞገድ ይመስላሉ፣ እንዴት እስከ ዛሬ አላየቻቸውም፣ ወደ ምሥራቅም ትከፍትለታለች፣ እስከ ቅመሙ አገር፣ ከዚያም እስከ ቤት፣ ሂድ፣ ሰፊ ነው፣ የሚያላትምህ የለም።

ላምብሬክት ከኋላዋ ቆሟል፣ ትንፋሹ ሽንኩርት ሽንኩርት ይላል። ምድሬን አሰጠምሽው። አዎ ጌታዬ። ካርታውን ያዘዙት ቄስ እኩለ ቀን ላይ ይመጣሉ፣ ምን ልበላቸው? ውሃ ነው ይበሏቸው። ማን አለ? ባሌ በዚያ በኩል እየመጣ ነው ጌታዬ። ጎንበስ ብሎ አየ፣ ሊያባርራት ነው፣ ያባርራት፣ ጣቱን ግን ታች ጥግ ላይ አሳረፈ፣ ሰማያዊው ሳይነካት በነጭ በቀረች፣ ወደ ባሕሩ በሾለች አንዲት መሬት ላይ፣ እዚህ ጋ ረስተሻል አለ፣ በዚህ የሚያልፍ ከሆነ ይላተማል።

ብሩሹን ነከረች። ማታ ለአማቷ የምትለውም ተገኝቷል፣ እማማ፣ ጥቁሩን ቀሚስ ሣጥን ውስጥ ይመልሱት፣ ልጅዎ መንገድ ላይ ነው።