ካሴቱ ውስጥ ያለችው

ሬዲዮ ጠጋኙ እጁ የተባረከ ነው፤ አፉ ግን፣ እንጃለት፣ ሴት ልጅ ፊት ሲቆም ይተሳሰራል። የጎረቤቱን ልጅ ስንት ዓመት ወደዳት! ልብስ ስታሰጣ የምታንጎራጉራትን፣ ራሷ የፈጠረቻትን ዘፈን ከአጥሩ ወዲህ ቆሞ ይሰማል። ነገ እነግራታለሁ፣ ነገ እነግራታለሁ ሲል እሷ ባሕር ተሻግራ ሄደች። ይኸው ሃያ ሁለት ዓመት።

ዛሬ ጠዋት እናቷ አንድ አሮጌ ቴፕ ታቅፈው ሱቁ መጡ። ልጅቷ በሰው አገር አርፋ ዕቃዋ ተልኮላቸዋል። ቴፑ አይሠራም፤ ካሴቱም ውስጡ እንደተቀረቀረ ነው።

«የቀረኝ ድምጿ ይሄ ብቻ ነው። አደራህን ልጄ!»

«በእኔ ይሁንብዎት እማማ። ከሰዓት ብቅ ይበሉ» አላቸው። መሞቷን ገና መስማቱ ነበርና ቀና ብሎ ሊያያቸው አልቻለም።

የላላውን ላስቲክ ቀየረ፣ ውስጡን ጠራረገ፣ ካሴቱን አስተካክሎ ከፈተው። ያቺው ዘፈን! መሃል ላይ ያ ሳቋ! ሆድ ባሰው፤ እስኪያልቅ ድረስ ተንሰቀሰቀ። ከዚያ ወደ መጀመሪያው መለሰው።

ጉድ የመጣው እዚህ ላይ ነው። ቴፕ ጠግኖ ሲጨርስ መቅጃውን ሳይሞክር አያስረክብም፤ ለዚሁ የሚሆን የራሱ ባዶ ካሴት አለው። ዛሬ ግን ልቡ የት እንደሄደ እንጃ፣ ካሴቱን ሳይቀይር ቀዩን ቁልፍ ተጭኖ «አንድ፣ ሁለት» አለና እሷን እያሰበ እዚያው ፈዞ ቀረ። ሲባንን ካሴቱ ጫፍ ደርሶ ቆሟል።

«ወይኔ ጉዴ! በገዛ እጄ ድምጿን አጠፋሁት!»

ላብ አጠመቀው። እናትየዋን ምን ብሎ ያያቸዋል? ወደ መጀመሪያው መልሶ ከፈተው።

«አንድ፣ ሁለት» አለ የራሱ ድምፅ። ከዚያ ዝም። ቆይቶ እርጥብ ልብስ ሲራገፍ ተሰማ።

«አንተ ሰውዬ፣ ዛሬም ቆጠራ ላይ ነህ?» አለች እሷ። «ከአጥሩ ወዲያ ቆመህ ስትሰማኝ መች ጠፋኝ። በል እንጂ፣ ተናገር።»

ፀጉሩ ቆመ። ማጥፊያውን ተጫነ፤ አልጠፋም። ሶኬቱን ነቀለ፤ ካሴቱ አሁንም ይዞራል። እሷ መናገሯን ትታለች፤ ትንፋሿ ብቻ ይሰማል።

ዞር ሲል እናቷ በሩ ላይ ቆመዋል። መቼ እንደመጡ አላወቀም። ፊታቸው ላይ ድንጋጤ የሚባል የለም።

«ምን ይዘጋሃል ልጄ?» አሉት ቀስ ብለው። «መልስላት እንጂ።»