የእንዳልካቸው ውፍረት

እንዳልካቸው መካነ ሰላም ላይ ሲወርድ ሚኒባሱ ራሱ እፎይ ብሎ ከፍ አለ። ወይ ጉድ! መቶ ሃምሳ ኪሎ ሰው፣ ፀጉሩን አናቱ ላይ ቋጥሮ፣ አንድ እግሩን እየጎተተ። ከስድስት ዓመት በፊት በባህል ትግል ሲያሸንፍ አንድ ጃፓናዊ አይቶት ነበር ሱሞ ለሚባለው የጃፓን ትግል የወሰደው። አሁን ጉልበቱ ተጎድቶ ለጥቂት ቀን ፈቃድ መምጣቱ ነው።

"ማሻአላህ! ተመችቶሃል!" አሉ ጎረቤታቸው እትዬ ኸዲጃ። "ከአረብ አገር የሚመለሱት ልጆች አመድ መስለው፣ አንተ እንዲህ አምረህ!" እናቱ ዝናሽማ እልልታዋን አቀለጠችው።

ተመችቶታል! ምኑ ነው የተመቸው? እዚያ ጃፓን ገና ሳይነጋ ይነሳል፤ እህል ሳይቀምስ ከአፈር በተሠራው የትግል መድረክ ላይ ከሌሎች ታጋዮች ጋር ይጋጫል፣ ይወድቃል፣ ይነሳል። እግሩን አንፈራጦ ሲቀመጥ ደረቱ መሬት እስኪነካ ጀርባውን ይጫኑታል። ከዚያ ምግብ ይሠራል፣ በማዕረግ የሚበልጡትን ታጋዮች ጀርባ ያሻል፣ እነሱ በልተው ሲነሱ የቀረውን እስኪያንገሸግሸው ይበላል። በልቶ ሲጨርስ ደግሞ እንዲወፍር ተኛ ይባላል። ረሃቡም ጥጋቡም በትእዛዝ ነው። ይህ ሁሉ ሆኖም ደመወዝ ከሚከፈልበት ደረጃ አልደረሰም። ደከመው። እሁድ ወደ ጃፓን መመለስ አልፈለገም። ግን አገር ምድሩ "ተመችቶሃል" እያለው ምን ብሎ ይንገራቸው?

ሐሙስ ረፋድ ላይ ዝናሽ ዶሮ ሠርታ አቀረበች። አንዱ እንጀራ አለቀ፣ ተጨመረ፤ እሱም አለቀ፣ ደግሞ ተጨመረ።

"በቃኝ፣ እማዬ።"

"አፈር ስሆን! እናቱ ዘንድ ሄዶ ከስቶ መጣ እንዲሉኝ ነው?" ትልቅ ጉርሻ ጠቅልላ ወደ አፉ አስጠጋች።

እንዳልካቸው ያን የሚያህል ገላውን እያንቀጠቀጠ አለቀሰ። "በማርያም ተይኝ፣ እማዬ! እስኪ በራሴ ጊዜ ልራብ። እሁድ አልሄድም። ታክቶኛል።"

ልራብ! ያውም በማን ቤት! ዝናሽ በሰባ ሰባቱ ድርቅ ልጅ ነበረች፤ ታናሽ ወንድሟ ካሳ ራበኝ እያለ እቅፏ ውስጥ ነው ያለፈው። ልትቆጣው አፏን ከፈተች። ልጇ ከመጣ ጀምሮ የምታየው ውፍረቱን ብቻ ነበር፤ አሁን ግን ዓይኑን አየችው። እንደዚያን ጊዜው የካሳ ዓይን ፈዟል።

ጉርሻውን ትሪው ላይ መለሰችና እንባውን በነጠላዋ ጠረገችለት።

"እሺ፣ ልጄ" አለችው። "እሁድም ከኔው ጋር ነህ። ሲርብህ ግን ንገረኝ።"