አርባ ሁለተኛው ሞት

አንሴልም ብሪኩር በሠላሳ ዓመት የትወና ዘመኑ አርባ አንድ ጊዜ ሞቷል። ተመርዟል፣ ታንቋል፣ አንዴም ከደወል ማማ ላይ ተወርውሯል። ስሙን የሚያውቅ የለም፤ ፊቱን ግን ሁሉም ያውቀዋል። ዛሬ ጠዋት እንኳን ዳቦ ቤት ተሰልፎ ሳለ የዳቦ ቤቱ ባለቤት ጮኸችበት።

«ውይ! እርስዎ ትናንት በቴሌቪዥን ሰምጠው አልነበር እንዴ?»

«ዋና ተምሬ ወጣሁ፣ እመቤቴ» አላትና ክሯሳኑን ይዞ ወደ ቀረጻው ከነፈ።

ዛሬ በአንድ የፖሊስ ድራማ ውስጥ ማዘጋጃ ቤቱ ደረጃ ላይ በጥይት ተመትቶ ይወድቃል። የቀጠሩት ለአንድ ቀን ብቻ ነው፤ ጭንቁም እሱ ነው። በፈረንሳይ በዓመት አምስት መቶ ሰባት የሥራ ሰዓት ያልሞላለት ተዋናይ ሥራ ሲፈታ የሚያገኘው ድጎማ ይቀርበታል። አንድ የቀረጻ ቀን አሥራ ሁለት ሰዓት ይቆጠራል፤ አንሴልም ደግሞ የዛሬው ተጨምሮለት አራት መቶ ዘጠና አምስት ላይ ነው። ዓመቱ የሚዘጋው ነገ ነው። ስለዚህ ሞቱን እስከ ነገ ሊያጓትት ቆርጦ ተነሳ።

መጀመሪያ ሲተኩሱበት ወደቀ፣ ተነሳ፣ እንደገና ወደቀ።

«ከት! አቶ አንሴልም፣ ጥይቱ እኮ ልብዎን ነው የመታዎት» አለ ወጣቱ ዳይሬክተር ቲቦ።

«የምጫወተው ሰውዬ የወይን ገበሬ ልጅ ነው፤ በቀላሉ አይበገርም!» አለ አንሴልም።

በሁለተኛው፣ ሞቶ ተጋድሞ አነጠሰ። በሦስተኛው ባርኔጣው ሲንከባለል እጁን ሰዶ ያዘው። በአራተኛው እሱ ራሱ ደረጃውን ሁሉ ተንከባሎ ከካሜራው እይታ ወጣ። ምሳ ላይ ሃያ ዓመት አብራው የሠራችው ሶላንዥ፣ የድምፅ ባለሙያዋ፣ ጠጋ አለችው።

«ስንት ሰዓት ጎደለህ?»

«አሥራ ሁለት።»

«አንተ አጭበርባሪ!» አለችውና ሳቋን አፍና ሄደች። እሷም ሌሎቹ ሠራተኞችም የሚኖሩት በዚያው የሰዓት ስሌት ነው።

ፀሐይዋ ማዘቅዘቅ ስትጀምር ቲቦ ሊያለቅስ ምንም አልቀረውም። «እባክዎ፣ አንዴ ብቻ በወጉ ይሙቱልኝ!»

አንሴልም አፈረ። ልጁ አሳዘነው። ደግሞስ አርባ አንድ ጊዜ አሳምሮ የሞተ ሰው በዚህኛው መቀለጃ ሊሆን ነው? ተኩሱ ሲሰማ የኮቱን ቁልፍ ዳሰሰ፣ ቤቱ የረሳው ነገር ትዝ እንዳለው ሁሉ ቆም አለ፣ ቀስ ብሎም ተቀመጠና ዘንበል አለ። አደባባዩ ጸጥ ረጭ አለ። «በቃ፣ ድጎማው ቀረብኝ» አለ በልቡ፣ ዓይኑን እንደጨፈነ።

ሶላንዥ እጇን አወጣች። «አውሮፕላን! ድምፁን አበላሸብኝ።»

ቲቦ አንጋጠጠ። ሰማዩ ላይ ወፍ እንኳ የለም። «የታል?»

«እኔም ሰምቻለሁ» አለች የሜካፕ ሠራተኛዋ።

«ሁለት ናቸው እንጂ!» አለ መብራት ያዡ።

የሬሳው ሆድ ይንቀጠቀጥ ጀመር። አንሴልም መሳቁን ማቆም አቃተው፤ እንባው ጆሮው ውስጥ ገባ። ፀሐይዋም ከጣሪያው ጀርባ ገባች።

ቲቦ ሰማዩን አየ፣ ሠራተኞቹን አየ፣ የሚስቀውን ሬሳ አየ።

«ነገ ጠዋት ሁለት ሰዓት ሁላችሁም እዚህ» አለ በመጨረሻ። «ለአውሮፕላኖቹም ንገሯቸው፤ ነገ በሌላ በኩል ይብረሩ።»

አንሴልም ከደስታው ብዛት ባርኔጣውን ወደ ሰማይ ወረወረ። «ነገ በአንድ ጥይት ነው የምሞትልህ፣ ልጄ!» አለው፣ እዚያው ደረጃው ላይ እንደተጋደመ።